ሐረጎ ላይ የጠፋው ሕመም

ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ የተነሣሁት ለመታከም ነው። ልቤ ግን በሽታዬን ከሐኪሙ ቀድሜ እንዳወቅሁት ይነግረኝ ነበር። ትምህርት ቤት ደጃፍ ሳልረግጥ ማንበብን ከሳሙናና ከክብሪት መጠቅለያ ላይ የተማርኩ፣ በሰፈራችን የሞተ ሬዲዮ የማስነሣ ሰው ነኝ። የጤና መጽሐፍም ሁለት ጊዜ ጨርሻለሁ። ስለዚህ ማታ እንብርቴ ዙሪያ የጀመረኝን ቁርጠት «ነፋስ ነው» ብዬ ፈረድኩ። ጠዋት ወደ ቀኝ ጎኔ ግርጌ ወርዶ እንደ ወስፌ ሲወጋኝ፣ ባለቤቴ ዘሃራ ጋቢ ደርባልኝ እየደገፈች አወጣችኝ።

መናኸሪያ

ሚኒባሱ እስኪሞላ ሹፌሩ ሞተሩ የሚያፏጨው ከነዳጁ ነው አለ። ሆዴን በሁለት እጄ ይዤ፣ «ነዳጅ አይደለም፤ የሞተሩ ቀበቶ ላልቶ ነው» አልኩት።

«አባባ፣ ሊታከሙ ነው ወይስ ሊፈትሹኝ የመጡት?» ሲል ተሳፋሪው ሳቀ። እኔም ልስቅ ስል ወጋኝና ከንፈሬን ነከስኩ።

ሐረጎ

የሐረጎ ዳገት ላይ ጉም ወርዶ ነበር። ጎማው ጉድጓድ በነካ ቁጥር ቢላዋ የሚያዞሩብኝ መሰለኝ። ከኋላችን የተቀመጡ ገበሬ፣ «አብሽር ወንድሜ» እያሉ ያጽናኑኝ ነበር። አንዱ ጥምዝ ላይ ሕመሙ ጥፍት አለ። ገበሬው ወሬያቸውን ወደ ሬዲዮ አዞሩ። እኔ ግን መውረድ ብቻ ነበር ያሰብኩት።

«ወራጅ አለ!» አልኩ።

«የት ልትሄድ?» አለች ዘሃራ።

«ቤቴ! ነፋስ ነው አላልኩሽም? ይኸው ወጣ።»

ፊቴን ትኩር ብላ አየችኝ። «እኒህ ከኋላችን ያሉት ሰው ያለቀ ባትሪ ድንጋይ ፀሐይ ላይ ቢያውሉት እንደ አዲስ ይሆናል ሲሉ ሰምተሃል?»

«ሰምቻለሁ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልክ?»

ባትሪ ድንጋይ በፀሐይ አይታደስም እያልኩ ከግማሹ ሰፈር ጋር ተጣልቻለሁ።

«በኒካሃችን ቀን ሼኩን ያረምክ ሰውዬ! ወላሂ ይህ ዝምታ የጤና አይደለም። ሹፌር፣ ንዳው!»

እጄን በጋቢው ሥር ሰድጄ ሆዴን ዳሰስኩ። እንደ ጣውላ ደርቋል። ይህ በመጽሐፌ ውስጥ አልነበረም። የጦሳ ተራራ ከጉሙ ብቅ ሲል፣ ድምፄን ሳላሰማ «ያረቢ» አልኩ።

ደሴ

ወጣቷ ሐኪም ሆዴን ተጭና ድንገት ስትለቀው ጮህኩ።

«ትርፍ አንጀትዎ ሳይፈነዳ አልቀረም» አለችኝ። «ሲፈነዳ አንዳንዴ ሕመሙ ለጊዜው ይቀላል፤ ከዚያ መግሉ ሆድ ውስጥ ይሰራጫል። ተመልሰው ቢሆን ኖሮ በሕይወት ላናገኝዎት እንችል ነበር።»

«ገባኝ፤ ፀሐይ ላይ እንደዋለ ባትሪ ድንጋይ ነው። ሬዲዮውን ትንሽ ያስለፈልፍና ጭራሹኑ ይሞታል» አልኳት። ዘሃራ እያለቀሰች ሳቀች። ወደ ቀዶ ሕክምናው ክፍል ሲገፉኝ እጇን የለቀቅኩት በሩ ላይ ነው።

መልስ

የተሰፋ ሆዴን ይዤ ሐረጎን ቁልቁል ስንወርድ፣ የዛሬውን ሹፌር ፍሬን እንዳያበዛ መከርኩት።

«አልሃምዱሊላህ፣ ድኗል!» አለች ዘሃራ፣ ለተሳፋሪው ሁሉ።

ድንገት የሚወጋ ሕመም ሲመጣ ሐኪም ዘንድ ይኬዳል፤ ሳይታከም ድንገት ሲጠፋ ደግሞ ይሮጣል። ይህን መንገዱ አስተማረኝ። ጎረቤቶቼ ማን እንዳዳነኝ ሲጠይቁ ሐኪሟን አመሰገንኩ፤ ከእሷ በፊት ዘሃራን። ዘሃራን ከዚያ ሁሉ ሴት መርጦ ያገባው ማን እንደሆነ ግን አይረሳ።