መከልከላቸውን በጽሑፍ
ብየዳ ተምሬ ምዘናውን ባልፍም ኮሌጁ የምስክር ወረቀቴን ከለከለኝ። ከወርክሾፑ አንድ መሰርሰሪያ ጠፍቶ ስለነበር፣ እስኪገኝ የሁላችንም ወረቀት ተያዘ። ከምኖርበት ከአርብ ገበያ ኮሌጁ ወዳለበት ወደ ንፋስ መውጫ ከተማ ስንት ጊዜ እንደተመላለስሁ አላስታውስም፤ መልሱ ሁሌ «ሌላ ቀን ነይ» ነበር።

በመጨረሻ ፍርድ ቤቱ በር ላይ ማመልከቻ የሚጽፉ አንድ ሽማግሌ አማከርሁ።

«ልጄ፣ መከልከላችሁን በጽሑፍ ስጡኝ በያቸው» አሉኝ። «እምቢ ካሉሽ ማመልከቻሽን መዝገብ ቤት አስገቢና ቅሬታ ሰሚ ዘንድ ሂጂ።»

እንዳሉኝ አደረግሁ። ቅሬታ ሰሚው ዲኑን አስጠርቶ፣ «ዕቃውን እሷ ለመውሰዷ ማስረጃ አላችሁ?» ሲል ጠየቃቸው።

በሳምንቱ ወረቀቴን ሰጡኝ። ሊቀጥረኝ የነበረው ብረታ ብረት ቤት ግን ሌላ ሰው ቀጥሮ ነበር። ወረቀቱን ስይዝ ደስ ይለኛል ብዬ ነበር፤ የተሰማኝ ግን ድካም ብቻ ነበርና፣ የመመለሻ መኪና ስጠብቅ መናኸሪያው አግዳሚ ላይ እንቅልፍ ወሰደኝ።