ጭምብል የሌለው ጀግና

አሜሪካዊው አስተማሪ ከከተማችን ከመቱ ሲወጣ አንድ ካርቶን የሥዕል መጽሔት ትቶ ሄደ። ካርቶኑ ዞሮ ዞሮ ሱቄ ገባና መጽሔቱን እየቀደድኩ ጨውና በርበሬ እጠቀልልበት ጀመር። ታሪኩ ካባ ለብሶ ስለሚበር፣ መኪና በአንድ እጁ ስለሚያነሳ፣ ፊቱን በጭምብል ስለሸፈነ ጉልበተኛ ነው። የከተማው ልጆች የእናታቸውን ነጠላ አንገታቸው ላይ እያሰሩ ከአጥር ዘለሉ፤ ስንቱ እጁን ሰበረ። የሁሉም እናት የምትወቅሰው ደግሞ እኔን ነው።

ከልጆቹ ይልቅ ያስቸገረኝ ሰዓሊው ወልደሰንበት ነበር። የሱቅና የፀጉር ቤት ታፔላ የሚሠራ፣ ዝምተኛ፣ ሱሪው ቀለም የጠገበ ሰው ነው። ቀጣዩን ገጽ ፍለጋ ደንበኞቼን ቤታቸው ድረስ ይከተላል፤ የገዙትን ጨው በሳህን አስገልብጦ ወረቀቱን ይዞ ይወጣል። ደንበኛ ልታሳጣኝ ነው ብዬ ስቆጣ፣ "እትዬ ጥሩ፣ ሰውዬው ከገደል ሲወድቅ ነው ወረቀቱ ያለቀብኝ፤ መዳኑን ሳላይ እንዴት ልተኛ?" ይለኛል።

ለመጪው የአብዮት በዓል ቀበሌው ድል አድራጊውን ሠራተኛ በትልቅ ቆርቆሮ ላይ እንዲስል አዘዘው። ወልደሰንበት ደረቱንና ጡንቻውን ከመጽሔቱ ወሰደ፤ ካባውን ቀይ ባንዲራ አደረገው። ፊቱ ላይ ሲደርስ ቸገረው፤ እሱ የሚያውቀው ጀግና ሁሉ ጭምብል አጥልቋል። የቀበሌው ካድሬ ደግሞ ሠራተኛ ከሰፊው ሕዝብ የሚደብቀው ፊት የለውም አለ። ቢጨንቀው የጎረቤቴን የዲንቄን ልጅ፣ ተማሪውን ነመራን፣ ሱቄ ደጃፍ አስቀምጦ ፊቱን ሳለ። ልጁ ሳቁን መያዝ አቅቶት ነበር፤ ጀግናውም ሳቅ ሊያመልጠው የደረሰ ሆኖ ወጣ። ቀበሌው በር ላይ ከፍ ብሎ ተሰቀለ፤ ከተማው ወደደው።

ጥር ላይ ነመራን ወሰዱት። አልተመለሰም። ቤቱን ሲፈትሹ ዲንቄ የነበራትን አንዲት ፎቶግራፍም ይዘው ሄዱ። እኛ ማልቀስ ተከልክለን፣ አንገታችንን ደፍተን በቀበሌው በር ስናልፍ፣ እሱ ከላይ ሆኖ ቁልቁል ያየናል፤ ሊስቅ ነው። እውነቱን ልናገር፣ ፈራሁት። መንገድ ቀየርኩ።

ፊቱ የነመራ መሆኑ ለካድሬው ኋላ ገባው፤ ፊቱ በዘይት ቀለም ይጥፋ ተባለ። ዲንቄ ይህን ስትሰማ ወልደሰንበት ቤት ሄደች፤ እኔም አብሬያት ነበርኩ።

"ጋሼ፣ ሌላ ሥዕል የለኝም" አለችው። "እሱን ካጠፉት መልኩ ይጠፋኛል።"

እምቢ ቢል እሱንም እንደሚወስዱት ሦስታችንም እናውቃለን። በማግስቱ ጠመንጃ የያዘ ጠባቂ ቆሞበት መሰላል ላይ ወጣና ከግንባሩ እስከ አገጩ ጥቁር ጭምብል ቀባው። ዲንቄ ከዚያ ወዲያ ሰላም አላለችውም። እኔም በሆዴ ፈሪ አልኩት፤ መንገድ የቀየርኩት ሴትዮ።

ብዙም ሳይቆይ ወልደሰንበት ብሩሹን ይዞ ከመቱ ጠፋ። በዓመቱ ዕቃ ላመጣ ጎሬ ወጣሁ። አንድ ፀጉር ቤት በር ላይ፣ ታፔላው ውስጥ፣ ነመራ ፀጉሩን ተስተካክሎ ሳቅ ሊያመልጠው ሲል አየሁት። ያዮ የሚገኘው የማር ሻጭ በር ላይም እሱ ነው፣ ማር ይዞ። ማንም ልብ አላለም፤ የታፔላ ሰው ማን ይፈትሻል?

ለዲንቄ ነገርኳት። በዚያኑ ቀን ጎሬ ወጣች። ከዚያ ወዲህ ለጠየቃት ሁሉ ገበያ ነው የምሄደው ትላለች፤ ዘንቢሏ ግን ባዶውን ይሄዳል፣ ባዶውን ይመለሳል። አዲስ ታፔላ ተሰቀለ በተባለበት ከተማ ሁሉ አትቀርም። ሰዓሊውን አንድ ቀን እንኳ አላገኘችውም፤ እሱም የፈለገው ይህንኑ ይመስለኛል።

ዓመታት አለፉ። አንድ ከሰዓት ዲንቄ ከኡካ ከተማ ተመልሳ ሱቄ ገባችና በርጩማው ላይ ዘፍ አለች። እዚያ አንድ ሻይ ቤት ተከፍቷል፤ ታፔላው ገና ቀለሙ አልደረቀም።

"እትዬ ጥሩ፣ ኢልማ ኮ፣ ልጄ፣ ጢም አውጥቷል" አለችኝ። "ልጄ ትልቅ ሰው ሆኗል።"

ለልጇ ድምፅ አውጥታ አልቅሳ አታውቅም ነበር። ተነሥቼ የሱቁን በር ዘጋሁላት፤ እስኪወጣላት አለቀሰች።