ባለቤቱ ያልተገኘ ፊልም

ዲገምበር ካርኒክን ሙምባይ ውስጥ ቴሌቪዥን የሚሠራ ሁሉ ያውቀዋል። ሥራው ድሮ የተቀረጸ ፊልም ፈልጎ፣ ፈቃዱን አስጨርሶ ለጣቢያ ማቅረብ ነው። ሌሎች ፀሐይ ላይ ቆመው የቀረጹትን ሃያ ዓመት ሲሸጥ ኖሮ፣ ካሜራ በየት በኩል እንደሚያዝ እንኳ አያውቅም። ፊልም አርታኢው ሆኜ አብሬው ሠርቻለሁ፤ አላማሁትም።

ፊልሙን በሚገዛን ጣቢያ ደንብ የፊልሙ ባለቤት ካልታወቀ በጋዜጣ ይጠራል። በሠላሳ ቀን ውስጥ ጠያቂ ካልመጣ «ባለቤቱ አልተገኘም» ተብሎ ይተላለፋል። ካርኒክ ታዲያ የማራቲ ተናጋሪዎች ሰፈር ፊልም ሲያገኝ ማስታወቂያውን እነሱ በማያነቡት በታሚል ቋንቋ ጋዜጣ ያወጣል። ይህን ተንኮሉን እንደ ትልቅ ሙያ ይኮራበት ነበር።

ከአሮጌ ዕቃ ገበያ በኪሎ የገዛውን የፋብሪካ ሠራተኞች ሰልፍ ፊልምም እንደዚሁ አስጠራ። በሃያ ዘጠነኛው ቀን ኢንዱማቲ ጋዎንካር የሚባሉ ባልቴት መጡ። ለካ ታሚል ጎረቤት አላቸው፤ አንብቦ ነግሯቸዋል።

«ባሌ ያሽዋንት ነው ከጣሪያችን ላይ ሆኖ የቀረጸው» አሉ። «ገንዘብ አልፈልግም ልጄ። ስሙ ብቻ ይጻፍልኝ።»

«ማስረጃ አለዎት፣ ካኪ?» አለ ካርኒክ፣ በማራቲ «አክስቴ» ማለቱ ነው፣ ከስልኩ ቀና ሳይል።

«መሃል ላይ አንዲት ሴት ሳሪ ስታሰጣ ዞራ ካሜራውን ትቆጣለች። እኔ ነኝ። ምስሩ ቀዘቀዘ፣ ና ብላ እያልኩት ነው።»

ከፈትኩት። አራት ሰከንድ ናት። ያው አፍንጫ፣ ያው ቁጣ። ዛሬስ ተያዘ ብዬ ደስ አለኝ።

«እናጣራለን። በሰላም ይግቡ፣ ካኪ» አለ።

በሩ ሲዘጋ ወደ እኔ ዞረ። «ያቺን አራት ሰከንድ አውጣት። ከፊልም ጥቅሉም ከኮምፒውተሩም።»

«ሴትዮዋ እኮ እውነታቸውን ነው።»

«መች ካድኩ? ዛሬ ለእሷ ስም ብጽፍ ነገ የከተማው ባልቴት ሁሉ ደጄ ላይ ነው።»

ይህን ሰው እስከ ዛሬ እንቀዋለሁ። የቆረጥኩት ግን እኔ ነኝ። እንጀራዬ ነው ብዬ ቆረጥኩ።

ፊልሙ እሑድ ተላለፈ። የሆነውን ኋላ የነገረኝ ያው ታሚል ጎረቤታቸው ነው። ሴትዮዋ የሕንጻውን ሰው ሁሉ ሰብስበው ነበር። ሰልፉ አልፎ፣ «ባለቤቱ አልተገኘም» የሚለው ጽሑፍ ወጥቶ፣ የሳሙና ማስታወቂያ ተጀምሮ እንኳ «ቆዩ፣ አትነሱ፣ አሁን እኔ እታያለሁ» እያሉ ሰዎቹን ይለምኑ ነበር።