ዶርቃ የቫዮሊን ለቅሶ አልሠራም ያለች ጊዜ

ዶርቃ መሪ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ፣ ድምፅ እንዳይወጣ ግድግዳውን በፍራሽ በሸፈነችው ክፍል ውስጥ የፊልም ማጀቢያ ሙዚቃ ትሠራለች። ኪቦርድ የለመደችው ፈረንሳይ ለጋሲዮን፣ ቸርች ውስጥ ከመዘምራኑ ጋር ነው። እናቷ አባይነሽ ያሳደገቻት ከእንጦጦ የባህር ዛፍ ጭራሮ ተሸክማ እየወረደች ነው።

ስለዚህ ፕሮዲውሰሩ ጋሽ ከበበ ስለ እንጨት ተሸካሚ ሴት የተሠራ ፊልም ይዘውላት ሲመጡ፣ ውል እስኪፈራረሙ እንኳ አልጠበቀችም። በማግስቱ ከእናቷ የድሮ ጓደኞች ጋር ከኪዳነ ምሕረት በላይ ወጣች። ሸክማቸውን ይዘው ሲወርዱ ከኋላ ከኋላቸው እየተከተለች ኮቴያቸውን፣ ቅጠሉ መሬቱን ሲጠርግ የሚያሰማውን ድምፅ፣ ከሁሉም በላይ ትንፋሻቸውን ቀዳች፤ ሁለት አጭር፣ አንድ ረጅም። በዚያ ምት ላይ ክራርና ከበሮ ጨመረችበት። ሦስት ሳምንት ፈጀባት።

ጋሽ ከበበ ሰምተው ራሳቸውን ነቀነቁ።

"ዶርቃዬ፣ ይሄ ሰልፍ ነው እንዴ? ሴትዮዋ እኮ ታሳዝናለች። ቫዮሊን አድርጊበት፣ ሰው ያልቅስ።"

"አታሳዝንም።"

"ያን ሁሉ ተሸክማ?"

"እናቴ ተናዳ ስትገባ እንጂ አልቅሳ ስትገባ አላየሁም። ካላመኑኝ ተሸካሚዎቹን ራሳቸውን ይጠይቋቸው።"

እልህ ይዟቸው እሺ አሉ። ቅዳሜ ከሰዓት አባይነሽ ቤት ስድስት ሴቶች ላፕቶፕ ፊት ተሰበሰቡ። መጀመሪያ ጋሽ ከበበ ለናሙና ቫዮሊን ያስገቡበት የፊልሙ ቁራጭ ተከፈተ። ሴትዮዋ ቁልቁለቱን ትወርዳለች፤ ቫዮሊኑ ያለቅሳል። እስከ ዛሬ እንጨት የምትሸከመው ብርቄ ግራ ገባት።

"ማን ሞቶ ነው?"

ሴቶቹ በሳቅ ፈረሱ። ዶርቃ ቀጥሎ ያለውን ቁራጭ ከራሷ ሙዚቃ ጋር ስትከፍት ግን አንዳቸውም አልሳቁም። የብርቄ ትከሻ ሳይታወቃት በምቱ ይነቃነቅ ጀመር። "አሁን ቆም ብላ ገመዱን ታላላለች" አለች። እውነትም ሴትዮዋ ቆም ብላ ገመዷን አላላች።

ጋሽ ከበበ በሩ ላይ ጫማቸውን እያሰሩ "ትኬት የሚገዙት እነሱ አይደሉም" አሉ። "ወይ ቫዮሊኑን ሥሪ፣ ወይ ሌላ ሰው አሠራለሁ።"

"ያሠሩ። ስሜን ግን ከፊልሙ ያውጡ። ከሙዚቃዬም አንዲት ሰከንድ እንዳይነኩ።"

"በዚህ አመልሽ ማን ሥራ ይሰጥሻል?"

"እሱን ለኔ ይተዉት።"

አባይነሽ ከውስጥ ሆና ሰምታ ነበር።

"ስምሽን አስወጣሽው?"

"አዎ፣ እማዬ።"

"ደግ አደረግሽ። እኔም ብሆን እዚያ ለቅሶ ላይ አልቀመጥም።"

ፊልሙ ከነቫዮሊኑ ወጣ፤ ሰውም አለቀሰ። ዶርቃን ስምንት ወር ሙሉ የሚያሠራት ጠፍቶ፣ መሪ ውስጥ ከቤት ቤት እየዞረች ልጆች ኪቦርድ አስተማረች። ሙዚቃዋ ግን ሴቶቹ ጠይቀው ወስደውት ስለነበር ከስልክ ስልክ ይተላለፍ ነበር። ሀናን የምትባል ዳይሬክተር ከብርቄ ልጅ ስልክ ላይ ሰምታው ዶርቃን ፈልጋ አገኘቻት፤ አዲስ ፊልም ነበራት።

ዶርቃ እሺ ከማለቷ በፊት ውሉ ላይ አንድ መስመር በእጇ ጻፈች፦ ያለ ሙዚቃ ደራሲዋ ፈቃድ አንድም ኖታ አይቀየርም።

ሀናን ሁለቴ አነበበችውና ፈረመችበት።