አጎበር የለበሰ ገብስ

ዛሬ ጠዋት አጎበሩን አጥቤ ገመድ ላይ ሳሰጣ አንድ ነገር ጣቴን ወጋኝ። መርፌ የተረሳበት መስሎኝ ፈለግኩ። የገብስ ጢም ነው። ድሮ በነጭ ክር ከጠቀምኩት ቀዳዳ አጠገብ ከመረቡ ጋር ተጠላልፎ ይህን ሁሉ ዓመት ኖሯል። አፍንጫዬን ሳስጠጋ፣ ከሳሙናው ሥር የእንጨት ጭስና የትንኝ መድኃኒት ሽታ አለ። አጎበሩ የሁምቦዋ የአክስቴ ነበር። ገብስ ላይ እንዴት እንደወጣ ልንገርህ።

ያን ክረምት የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ውጤት ሳይመጣልኝ ቀርቶ ሶዶ ቤት ውስጥ ቁጭ ብዬ ነበር። ቁጭ ማለት ደግሞ አይሆንልኝም። ግጥም እጽፋለሁ፣ እቀዳለሁ፣ እንደገና እጽፋለሁ። እናቴ «ግጥም ወጥ አይሆንም» ማለት ስታበዛ፣ ዳሞታ ተራራ ወገብ ላይ ያለ የገብስ ሙከራ ማሳ ወፍ ጠባቂ እንደሚፈልግ ሰማሁና ወጣሁ።

ማሳው እንደ ሌላው ሰው ገብስ አልነበረም። አንዱ መስመር ጥቁር፣ ቀጥሎ ያለው ነጭ፣ ከዚያ ወይን ጠጅ የመሰለ፤ አንዱ ደረቴ የሚደርስ፣ አንዱ ከጉልበቴ የማያልፍ። ጠዋት ጉሙ ሲገፈፍና ፀሐይ ስታርፍበት ሸማኔ ጥለት እየሞከረ የተወው ይመስል ነበር። እያንዳንዱ መስመር ከአንድ ዛላ ብቻ የተዘራ ነው። ማሳውን የያዙት ዘር አዳቃይ በዕድሜ አባቴን ይሆናሉ፤ ጋሼ እላቸው ነበር።

«ሁሉም ገብስ አይደል? ለምን አንድ ላይ አይዘራም?» ብዬ ጠየቅኳቸው።

«ስንት ልጆች ናችሁ እቤት?»

«ስድስት።»

«ስድስታችሁም ግጥም ትጽፋላችሁ?»

«እኔ ብቻ።»

«እግዜር ለእናትሽ አዘነላት። ገብስም እንደዚያው ነው፤ አንዱ በሽታ ይችላል፣ አንዱ ውርጭ ይችላል፣ አንዱ ፍሬው ይከብዳል። ሁሉንም የሚችል አንድ የለም።»

ልባቸው ያለው ግን ከዳር ባለ አንድ አጭር መስመር ላይ ነበር። ፍሬው ደቃቅ ነው፤ ነገር ግን ሌላው ገና አረንጓዴ ሳለ ይደርሳል። ድሮ የዳሞታ ሰው ጎተራው ሲሟጠጥ ነፍሱን የሚያቆየው በእሱ ነበር አሉኝ። በኋላ ሰዉ ወደ ስንዴና ወደ ባሕር ዛፍ ሲዞር ጠፋ። ጋሼ ያገኙት አንድ ዛላ፣ በአንድ ሽማግሌ የስንዴ ማሳ መሐል ብቻውን ቆሞ ነው። ሽማግሌው ቀጥፎ ሰጣቸው፤ እሳቸውም ፍሬውን ሁሉ ዘሩት። ለከርሞ ፍሬው ከሚከብደው ነጭ ገብስ ጋር አዳቅለው፣ የዚህን ፍጥነት ለዚያ ሊያወርሱ ያስባሉ። ይህ መስመር ከጠፋ ግን ሌላ ዘር የለም።

ችግሩም እዚያው ላይ ነበር። ቶሎ የሚደርስ እህል ለራበው ሰው በረከት ነው፤ ለራበው ወፍም እንዲሁ። ተራራው በሙሉ ጥሬ በሆነበት ሰሞን ያ አንድ መስመር ብቻ ቢጫ ለበሰ፤ የዳሞታ ድንቢጥ ሁሉ እሱ ላይ ወረደ። ቆርቆሮ እደበድባለሁ፣ ወንጭፍ አስጮሃለሁ። ጉሮሮዬ ሲደክም ግጥም አወጣሁላቸው፦

«አንቺ ድንቢጥ ሂጂ፣ ሆድሽ አይሙላልሽ፣
ሳይዘሩ መብላቱን ማነው ያስተማረሽ?»

ጋሼ ከታች ሰምተው ሳቁ። «ግጥሙስ ጥሩ ነው፤ ወደውት ዘመድ አዝማድ ጠርተው መጡ እንጂ።»

ከሦስት ዛላ አንዱ ባዶ ሲሆን ግን ሳቁ ቆመ። የወፍ መረብ እንዲገዛ ለመሥሪያ ቤታቸው ጠየቁ። ከከተማ ሲመለሱ ባርኔጣቸውን አውልቀው ጉልበታቸው ላይ አኖሩት።

«ለከርሞ በጀት ይያዝለታል ተባልኩ። ለከርሞ ምን ሊጠብቁበት ነው?»

ያን ጊዜ ነው መረብ የት እንዳለ ትዝ ያለኝ። በማግስቱ በሚኒባስ ወደ ሁምቦ ወረድኩ። ከደጋው ጉም ወጥቼ ሙቀቱ ፊቴን ሲመታኝ፣ ከአስፋልቱም በጋሪ ስገባ፣ የማስበው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ባዶ እጄን አልመለስም። አክስቴ ከጎረቤቷ ጋር ደጅ ላይ በቆሎ ትፈለፍል ነበር።

«አንቺ! ደጋው አባረረሽ?»

«እትዬ፣ አጎበርሽን ፈልጌ ነው።»

«ዳሞታ ትንኝ ወጣ?»

«ለወፍ ነው።»

አክስቴ ወደ ጎረቤቷ ዞረች። «ሰማሽ? ወፉንም ወባ ያዘው!» ሁለቱም ፍሬው ከእጃቸው እስኪፈስ ሳቁ።

እኔ አልሳቅኩም። ስለ መስመሩ፣ ስለ አንዱ ዛላ፣ ስለ ሽማግሌው ነገርኳት።

«ባንጋ ነው? እኔ የበቆሎ ሰው፣ ገብስ ምኔ ነው?» አለች። ባንጋ በእኛ በወላይትኛ ገብስ ነው። ጥቂት ፈለፈለችና እጇ ቆመ። «ቶሎ ይደርሳል ነው ያልሽው?»

«ሌላው ሳይደርስ።»

ሁምቦ ዝናብ ሲቀር ምን እንደሚመስል፣ ልጆች ይዞ ያልደረሰ እህል ማየት ምን እንደሆነ ታውቃለች። ተነስታ ገባች፤ አጎበሩን ከአልጋዋ ላይ ስትፈታ ተከተልኳት።

«እትዬ፣ የወባ ወቅት ነው እኮ። አሮጌ ካለሽ እሱን...»

«ያለኝ ይሄ ነው። እስክትመልሺው ከዚህች ጋር አድራለሁ፤ ብታንኮራፋም እችላታለሁ።»

«ማን ነው የሚያንኮራፋው!» አለች ጎረቤቷ ከደጅ።

«ግን ትመልሺዋለሽ። ገብሱንም ታቀምሺኛለሽ።»

ከጋሼ ጋር ቀርከሃ ሰንጥቀን እንደ ቅስት አጎበጥንና አጎበሩን በላዩ ዘረጋነው። ድንቢጦቹ መጥተው ቅስቱ ላይ ተደርድረው በመረቡ ቁልቁል ያዩ ጀመር። በማግስቱ ንፋስ ጫፉን ቦጨቀው፤ የቀሚሴን ጠርዝ ተርትሬ በክሩ ሰፋሁት። ደግሞ ቦጨቀው፤ ደግሞ ሰፋሁት። ወፍ በገባ ቁጥር ተንበርክኬ በእጄ አወጣሁ። የገብሱ ጢም ክንዴን ቧጥጦ አቆሰለኝ። ሲደርስ ዛላ በዛላ በመቀስ ሰበሰብነው፤ የጋሼ ባርኔጣ ውስጥ ገባ፣ አልሞላውምም። ጋሼ ባርኔጣውን በሁለት እጃቸው፣ ውሃ እንደያዘ ሰው፣ ይዘው ወረዱ።

አጎበሩን በቃሌ መሠረት መለስኩ። ሳምንት ሳይሞላ አክስቴ መልእክት ላከችብኝ፦ «ገብስሽ ሲወጋኝ አደረ።» ሄጄ ጢሙን ልለቅም ስል ግን እጄን መታችኝ። «ተዪው፤ ዕዳሽን ያስታውሰኛል።»

ዕዳው ረጅም ሆነ። የመጀመሪያው ዓመት ዘር ነው፣ አይበላም። ሁለተኛውም ዘር ነው። ጋሼ አዳቀሉት፣ ዘሩት፣ መረጡ፣ እንደገና ዘሩት። እኔም ክረምት በመጣ ቁጥር ሌላ ሥራ ይዤም ቢሆን እወጣ ነበር። ከሁምቦ የመጣ ሰው ሁሉ «ገብሴስ?» የሚል መልእክት ይዞልኝ ይመጣል።

በመጨረሻ ጋሼ ከተረፈው አንድ እፍኝ ሰጡኝ። ቆልቼ፣ ገና ሳይበርድ በሻሽ ቋጥሬ ሁምቦ ወረድኩ። አክስቴ አርጅታለች፤ ጥርስ የላትም። ቆሎውን ጉንጯ ውስጥ አድርጋ፣ ዓይኗን ጨፍና፣ ስታገላብጠው ብዙ ቆየች።

«ለካ ወፎቹ ወደው አይደለም» አለች።

ከዚያ ተነስታ ከሣጥኗ አሮጌውን አጎበር አወጣች፤ አልጋዋ ላይ አዲስ ታድሎ ተሰቅሏል። አጣጥፋ ጭኔ ላይ አኖረችው።

«በይ ውሰጂው፤ ዘንድሮም ይመጣሉ። ሲበቃሽ ትመልሺዋለሽ።»

አሁን የምመልስላት የለችም። ጢሙን ከነበረበት አልነቀልኩትም። አጎበሩ እስከ ማታ ይደርቃል፤ ነገ ይዤው ዳሞታ እወጣለሁ።