እንግሊዛዊው ገዥ በመርሳ

በጓደኛዬ የቀናሁት እንግሊዝኛ ስለሚችል አይደለም። እሱ ሲያወራ ሰው ስልኩን ኪሱ ይከታል። እኔ ግጥም ሳነብ ከኪሱ ያወጣል። የቀናሁት በዚህ ነው።

ሁለታችንም መርሳ ቤተ መጻሕፍት ቅዳሜ ከሰዓት የሚሰበሰብ የንባብ ማኅበር አባላት ነን። እሱ ዩኒቨርሲቲ ጨርሶ ያስተምራል። እኔ ከአሥረኛ ክፍል ወጥቼ በሱቆች በርና ግድግዳ ላይ ጽሑፍ እየጻፍኩ እኖራለሁ፤ ግጥምን ያስተማረኝ ሰው የለም። ያን ሰሞን ወልድያ ላይ ትልቅ የሥነ ጽሑፍ መድረክ ተዘጋጅቶ ከመርሳ አንድ ሰው ብቻ ላኩ ተባልን። ሰብሳቢያችን፣ የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊ፣ «ሁለታችሁም በየተራ ታቀርባላችሁ፤ ከዚያ እጅ አውጥተን እንመርጣለን» አለች። ወልድያ መድረክ ላይ መቆም ለእኔ ምን ማለት እንደሆነ ለማንም አልተናገርኩም። ቤት ግን መስታወት ፊት ቆሜ አቋቋም ስለማመድ ሰነበትኩ።

መጀመሪያ የእኔ ተራ ሆነ። አሥራ አንድ ሰው መጣ። ሁለቱ ዝናብ ያስገባቸው ነበሩ።

እሱ ለተራው የመረጠው አንድ መጽሐፍ ነበር። ደሴ ከአሮጌ መጻሕፍት ሻጭ ያገኘው፣ የአንድ እንግሊዛዊ የቅኝ ግዛት አገረ ገዥ የሕይወት ታሪክ ነው። ምን እንደሚያቀርብ ለማወቅ ተውሼ በመዝገበ ቃላት እየተረዳሁ አነበብኩት። ሰውየው በሃያ ሁለት ዓመቱ በመርከብ ወደ አንዲት ደሴት ተላከ። ከሁለት ዓመት በኋላ ደብዳቤ መጣለትና ምዕራብ አፍሪካ የአንድ ወረዳ ሹም ሆነ። ሌላ ደብዳቤ፣ ሌላ መርከብ፣ ከፍ ያለ ወንበር። ላባ የተሰካበት ባርኔጣ አጠለቀ፤ በስሙ ላይ «ሰር» ተጨመረለት፤ በመጨረሻ አገሩ ገብቶ ጽጌረዳ እየኮተኮተ አረጀ። በእሱም ቀናሁ። እኔ ሃያ ስድስት ዓመቴ ነው፤ ማንም የትም ሂድ ብሎ ደብዳቤ ጽፎልኝ አያውቅም። ያበሳጨኝ ግን ሌላ ነው። ሰውየው ግጥም ይጽፍ ነበር። ግጥሞቹ መጥፎ ናቸው፤ መጥፎነታቸው በመዝገበ ቃላትም ይታያል። ቢሆንም የሚገዛው አገር ማተሚያ ቤት በጥሩ ወረቀት አትሞለታል።

የማኅበሩን ማስታወቂያ የምጽፈው እኔ ነኝ። ጓደኛዬ «እንግሊዛዊው አገረ ገዥ፤ ቅዳሜ በስምንት ሰዓት፤ በቤተ መጻሕፍቱ አዳራሽ» የሚል ወረቀት ሰጠኝ። በሁለት ካርቶን ላይ በቀይ ቀለም ጻፍኩት። አንዲት ቃል ብቻ አስቀረሁ፤ «አገረ» የምትለዋን። አንዱን ካርቶን መናኸሪያው አጥር ላይ ሰቀልኩ። ሁለተኛውን ሽንኩርት የሚጫንበት ሜዳ ላይ። ሽንኩርት ሞልቶ ገዥ የጠፋበት ሰሞን ነበር።

ቅዳሜ በሰባት ሰዓት ተኩል አዳራሹ ጢም አለ። ከመርሳ ዙሪያ፣ ከግራና ከተማ፣ ከሐራም ድረስ ገበሬዎች መጥተዋል። ብዙዎቹ ናሙና ሽንኩርት በፌስታል ይዘዋል። ወንበር አልበቃ ብሎ በመደርደሪያዎቹ መሐል ቆሙ። ጓደኛዬ መጽሐፉን በብብቱ ይዞ ሲገባ በሩ ላይ ደነገጠ። እኔ የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጬ ሳቄን በመዳፌ ሸፈንኩ።

ኮፍያ ያደረጉ፣ ከግራና የመጡ አንድ ሽማግሌ ተነስተው ሦስት ራስ ቀይ ሽንኩርት ጠረጴዛው ላይ ደረደሩ።

«በል ልጄ፣ ገዥው የታለ?»

«አባባ፣ ሰውየው እኮ ሞቷል።»

«ኢናሊላሂ!» አሉ ሽማግሌው። አዳራሹም ተቀበላቸው። «መቼ?»

«ቆይቷል። እርስዎ ሳይወለዱ።»

«ወራሽ የለውም? ሽንኩርቱን ወራሹ ይውሰደዋ!»

ሳቁ ጣሪያውን ሊያነሳው ደረሰ። ጓደኛዬ ፊቱ ቀላ። ዓይኑን ወደ እኔ ሲወረውር አጎንብሼ የጫማዬን ማሰሪያ ያዝኩ።

«አባባ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ማስታወቂያው ጎድሎ ነው። ሽንኩርት ገዥ አይደለም፤ አገረ ገዥ ነው።»

«አገር ነው የገዛው?»

«አዎ።»

«በስንት?»

እዚህ ላይ ያበቃለታል ብዬ ነበር። እሱ ግን መጽሐፉን ዘግቶ አስቀመጠው። ትንሽ አሰበ።

«በነፃ፣ አባባ። ምንም አልከፈለም።»

«ሻጩስ ማን ነበር?»

«ሻጭ አልነበረም። ሻጭ የሌለው ገዥ ነው።»

ከመሐል አንዱ ጎልማሳ፣ «ታዲያ ደላላ ገብቶበታል በላ!» አለ።

«ገብቶበታል እንጂ!» አለ ጓደኛዬ፣ ወንበሩን ወደ እነሱ ሳብ አድርጎ። ከዚያ በኋላ ታሪኩን ከመጽሐፉ አልነገራቸውም፤ በሽንኩርት ሜዳ ቋንቋ ነገራቸው። አስተርጓሚውን ደላላ አደረገው። ግብሩን፣ ባለቤቱ ሳይጠየቅ የሚመዝን ሚዛን ብሎ ጠራው። እያንዳንዱ ሹመት ወደ ሌላ ገበያ መዛወር ሆነ። ገበሬዎቹ ይጠይቃሉ፤ ይሳደባሉ፤ ይስቃሉ። ባለ ላባው ባርኔጣ ሲመጣ ሽማግሌው «ዶሮም ይነግድ ነበር?» ብለው ሰብሳቢያችንን እንባ እስኪወጣት አሳቋት። ሁለት ሰዓት ሙሉ አንድም ስልክ አልወጣም።

እኔ ከኋላ ሆኜ «ሻጭ የሌለው ገዥ» የሚለውን በልቤ ደጋገምኩት። ስንኝ ነበር። የእኔ መሆን የነበረበት ስንኝ። ቃሉ ሳምንት ሙሉ እጄ ላይ ቆይቶ እሱ ላይ የምወረውረው ድንጋይ ሆኖ ብቻ ነበር የታየኝ።

ሲያልቅ እጅ ወጣ። የማኅበሩ አባል ሁሉ ለእሱ አወጣ። ሰብሳቢዋ ወደ እኔ እያየች ስለነበር እኔም አወጣሁ። ሽማግሌው ፌስታላቸውን አንስተው፣ «ወላሂ ደስ ብሎናል፤ ሽንኩርቱ ግን እንዳለ ነው» እያሉ ወጡ። ያን ጊዜ ነው ከግራና ድረስ ምን ይዘው፣ ምን ተስፋ አድርገው እንደመጡ የገባኝ።

ወደ መናኸሪያው አብረን ስንሄድ ጓደኛዬ፣ «አውቀህ ነው አይደል?» አለኝ።

«ምኑን?»

«ተው እንጂ። አንተ በሻይ ቤት በር ላይ እንኳ አንዲት ነጥብ አትረሳም።»

«አውቄ ነው» አልኩ።

«ልታዋርደኝ።»

«አዎ።»

ቢሰድበኝ ይቀለኝ ነበር።

«እኔስ ይሁን» አለ፤ «እነዚያ ሰዎች ምን አደረጉህ?» እርምጃዬን አፈጠንኩ። «ደግሞ እንዲህ ያለ ቃል አግኝተህ እንዴት ግጥም አልጻፍክበትም?» ብሎ ባጃጅ ውስጥ ገባ።

በሳምንቱ ወልድያ ሄጄ ከሕዝቡ ጋር ተቀመጥኩ። ጓደኛዬ መድረኩ ላይ ወጥቶ ሻጭ የሌለውን ገዥ ሲተርክ የወልድያ ሰው እንደ መርሳው ሳቀለት። በመሐል፣ «ይህን ያገኘሁት አንድ ጓደኛዬ ማስታወቂያ ሲጽፍ በተሳሳተው ስህተት ነው» አለ። አውቄ እንዳደረግኩት ነግሬው ሳለ «ስህተት» ብሎ ጠራው። ሰው ሁሉ ብድግ ብሎ ሲያጨበጭብ እኔም ብድግ ብዬ አጨበጨብኩ። እጄ ግን ከሁሉም ቀድሞ አቆመ።