የማይሳ ዝምታና የእኔ ፎርም

ሥራ የጀመርኩ ቀን የተሰጠኝ አንድ የጨርቅ ቦርሳ ነው። ውስጡ አሥር የፕላስቲክ ኩቦች፣ ስድስት የሥዕል ካርዶች፣ አንድ ኳስ፣ እርሳስና ሁለት ገጽ ፎርም አለ። ከጂንካ በጠዋቱ ሚኒባስ ወጥቼ፣ አልዱባ ላይ ገበያተኛ ሲወርድ ሲጫን ቆመን፣ ዲመካ ስደርስ አቧራ በአቧራ ሆኜ ነበር። የወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት አለቃዬ ጋሽ ደምሴ ፊቴን እስክታጠብ እንኳን አልጠበቁኝም።

«ሥራሽ ቀላል ነው» አሉኝ። «ዜሮ ክፍል ያሉትን ልጆች ትመዝኛለሽ። ማን አንደኛ ክፍል ይግባ፣ ማን ይድገም፣ ትጽፊያለሽ። ሁለት ኮፒ፣ በእስክሪብቶ። ስርዝ ድልዝ አልፈልግም።»

«ጋሽዬ፣ እኔ ሐመርኛ አልችልም እኮ።»

«ፎርሙም አይችልም። አስተማሪው ያስተረጉምልሻል።»

ሦስት ዓመት ሠርቶ ትዝታ መጻፍ ያስቃል፣ አውቃለሁ። ጡረታ የወጡት ይሳቁ። እኔ እስከዚያ የምጠብቅበት ትዕግሥት የለኝም። ደግሞ ዘንድሮ አዲስ የተቀጠሩት ልጆች ያንኑ ቦርሳ ይዘው ሊወጡ ነው።

የተማርኩት ሳይኮሎጂ ነው። የሰው አእምሮ የሚሠራው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ነው ብለው አስተምረውናል። እሺ፣ ግን ማን ነው የሚሠራው? ምን እያደረገ? ክፍል ውስጥ ስጠይቅ «ወላጅ፣ በተለይ እናት» ይሉኝና ወደሚቀጥለው ስላይድ ያልፋሉ። እኔ በዓይኔ ማየት ፈልጌ ነበር።

ማይሳን ያገኘኋት ከከተማው ወጣ ያለ ትምህርት ቤት ነው። ስድስት ዓመት ቢሆናት ነው። የምርመራው ደንብ ግልጽ ነው፤ ልጁ ብቻውን፣ ጸጥ ያለ ክፍል፣ ከጠረጴዛ ማዶ ለማዶ። ጸጥ ያለው ክፍል የመጻሕፍት መጋዘኑ ስለነበር እዚያ አስገባኋት። ዘመድ የለ፣ ጓደኛ የለ። እኔ፣ እሷ፣ አስተርጓሚው ባሊ። ባሊ የዜሮ ክፍል አስተማሪዋ ነው፤ እዚያው አገር ተወልዶ ያደገ፣ ቀልደኛ ልጅ።

ቀይ ኩብ አነሳሁ። «ይሄ ቀለሙ ምንድን ነው?»

ዝም።

«ስንት ናቸው?» ዝም። የፍየል ሥዕል አሳየኋት። «ይሄስ?» እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ መሬት መሬት ታያለች። ኳሱን ወረወርኩላት። ደረቷን መትቶ ወደቀ። አላነሳችውም።

ሁሉም መስመር ላይ «አታሟላም» ብዬ ጻፍኩ። ከታች «ትድገም»።

ባሊ ወረቀቱን አየና ሳቁ ጠፋ። «እህቴ፣ አባቷ የላካት በስንት ልመና መሰለሽ? ትድገም ካልሽው ወደ ፍየሎቹ ነው የሚመልሳት። በቃ፣ እዚያው ትቀራለች።»

«እኔ ምን ላድርግ ባሊ? ፎርሙ ነው የሚለው።»

«ፎርሙ አፍ የለውም። አፍ ያለሽ አንቺ ነሽ።»

ተናደድኩበት። ወረቀቱን ለጋሽ ደምሴ አስረከብኩ፤ ማኅተም አረፈበት።

የፎርሙ ሁለተኛ ገጽ አሳዳጊ ቤት ድረስ ተሂዶ የሚሞላ ነው። በሳምንቱ ከባሊ ጋር ሄድን። እናትየው ወፍጮ ድንጋይ ላይ ተደፍታ ማሽላ ትፈጫለች። ማይሳ መቼ ቆመች፣ መቼ አፏን ፈታች፣ ምን ስታገኝ ታለቅሳለች ብዬ ደረደርኩላት። መፍጨቷን ሳታቆም ሳቀች።

«እኔን ምን ትጠይቂኛለሽ? ያሳደገቻትን ጠይቂ እንጂ።» በአገጯ አሳየችኝ። አሥር ዓመት የሚሆናት ልጅ፣ ሕፃን ጎኗ ላይ አድርጋ ቆማለች። ጋዲ ትባላለች፤ የማይሳ ታላቅ ናት።

የምታላግጥብኝ መሰለኝ። «ልጅ ነው እንዴ ልጅ የሚያሳድገው?» አልኩት ባሊን።

«አንቺን ማን አሳደገሽ?»

«እናቴ።»

«ጂንካ ገበያ ስትውል?» አለኝ፤ የነገርኩትን አልረሳም።

እናቴ ቆጮ ልትሸጥ ስትወጣ የምትተወኝ ከታላቅ ወንድሜ ጋር ነበር። እስከዛሬ ጫማዬን የማስረው እሱ እንዳሳየኝ ነው። አራት ዓመት ሙሉ ዩኒቨርሲቲ ተቀምጬ አንድ ቀን እንኳን ትዝ አላለኝም።

ቦርሳውን ከፈትኩና ኩቦቹን ለማይሳ ሳይሆን ለጋዲ ሰጠኋት። ምንም አላልኩም። ሕፃኑን እናቷ አጠገብ አስቀመጠችና መሬት ላይ በረት መሥራት ጀመረች። ማይሳን አልጠራቻትም፣ ነይ ላሳይሽም አላለቻትም። ማይሳ ራሷ መጥታ ተቀመጠች። የጋዲን እጅ እጅ አየች። ከዚያ አንዱን ኩብ ወስዳ በረቱ ጎን የግልገል ቤት ሠራች፤ ወሬዋንም ለቀቀችው። ዝናብ ይመስል።

«ምንድን ነው የምትለው?»

«ቀዩ ግልገል እናቱ ሞታለች፣ ቢጫዋ ፍየል ታጥባው እያለች ነው» አለ ባሊ። «ቢጫና ቀዩን በአማርኛ ነው ያለችው። ከክፍል የለቀመችው ነው።»

ደስታዬን መቆጣጠር አቅቶኝ ዘልዬ ገባሁ። «ጎበዝ! ይሄስ ቀለሙ ምንድን ነው?»

ማይሳ ወዲያው ጭጭ አለች። እጇ ጭኗ ላይ፣ ዓይኗ መሬት።

ጋዲ ገላመጠችኝ። የተናገረችውን ባሊ እያፈረ ተረጎመልኝ፤ «አንቺ ታውቂው የለ? የምታውቂውን ለምን ትጠይቂያታለሽ? አባታችን የሚያውቀውን የሚጠይቀን ፍየል ስናስጠፋ ነው።»

እዚያው መሬት ላይ ተቀመጥኩ። ለካ ለማይሳ ትልቅ ሰው እያወቀ ሲጠይቅ ጥፋት እየፈለገ ነው። ዝም ማለት ደግሞ ጨዋነት። መጋዘን ውስጥ ለብቻዋ አስገብቼ፣ ሃያ ጊዜ ጥፋት ስፈልግባት ነበር የዋልኩት።

በነጋታው ጋሽ ደምሴ ጋ ገባሁ። «ጋሽዬ፣ የማይሳን ወረቀት መልሱልኝ። ተሳስቻለሁ።»

«ማኅተም ያረፈበት ወረቀት ወጥ ነው እንዴ፣ ጨው አነሰው ተብሎ የሚጨመርበት?» የሆነውን ነገርኳቸው። መነጽራቸውን አወለቁ። «ከእህቷ ጋር ካየሻት የማንን ዕውቀት ነው የምትጽፊው? የእሷን ወይስ የእህቷን?»

ጥያቄው ትክክል ነበር። «አላውቅም» አልኩ። «እርስዎ ይምጡና አብረን እንየው።»

ሐሙስ ዕለት በሞተራቸው ትምህርት ቤቱ መጡ። እኔና ባሊ ጋዲን ራቅ አድርገን፣ ማይሳን ከጎረቤት ሕፃን ጋር ክፍሉ ጥግ አስቀመጥናት። አራት ዓመት የማይሞላው ነው። ኩቦቹን መሃላቸው አፈሰስንና ጥያቄ የሚባል አንጠይቅም ተባባልን። ጋሽ ደምሴ ጀርባቸውን ሰጥተው ቃለ ጉባኤ የሚያነቡ መሰሉ።

ብዙ ጊዜ ምንም አልሆነም። እኔ ጥፍሬን እየበላሁ ነው። ባሊ «ዝም በይ» የሚል ዓይን ይልክልኛል።

ከዚያ ማይሳ አንድ ኩብ አስቀመጠች። ሕፃኑ አያት። ሌላ አስቀመጠች። ሕፃኑ ሊነጥቃት ሲል እጁን ይዛ ራሱ እንዲያስቀምጥ አደረገችው። «አንድ» አለች በአማርኛ። «ሁለት።» አሥር ደረሰች። ሲፈርስበት በሐመርኛ ተቆጣችውና እንደገና ከአንድ ጀመረችለት። ልክ እንደ ጋዲ፤ አትጠይቀውም፣ ታሳየዋለች።

ጋሽ ደምሴ አልዞሩም። «ሰምቻለሁ» አሉ ብቻ። ወረቀቷን ከቦርሳቸው አውጥተው በራሳቸው እስክሪብቶ አሰመሩበት፤ «ተሽሯል» ብለው ፈረሙ። «ስርዝ ድልዝ እንደማልወድ ታውቂያለሽ» አሉኝ። ማይሳ በመስከረም አንደኛ ክፍል ገባች።

በዚህ ብጨርሰው ደስ ባለኝ። ግን የድሮ ኮፒዎቼን ሳገላብጥ ሌሎች አራት ልጆች አገኘሁ። ሁሉም መስመር «አታሟላም»፣ ከታች «ትድገም»፣ «ይድገም»። ሁለቱን ፈልጌ እንደገና አየሁ፤ ገቡ። የአንዷ ቤተሰብ ከብት ይዞ ወደ ግጦሽ ወርዷል፤ አላገኘኋትም። አራተኛውን ልጅ አባቱ አስወጥቶታል። ቤቱ ድረስ ሄጄ ለመንኩ። «አይችልም ብለሽ የጻፍሽው አንቺ አይደለሽ?» አለኝ። ነኝ። ልጁ ዛሬም ትምህርት ቤት የለም።

ጋዲስ? እንድትመዘገብ እናቷን ጠይቄ ነበር። «ሕፃኑን ማን ይያዝ?» አለችኝ። እስካሁን እየጠየቅኩ ነው።

ለአዲሶቹ የምለው አጭር ነው። ልጅ የሚያውቀው ካስተማረው ሰው ጋር ሲሆን፣ በተማረበት መንገድ ነው የሚወጣው። ስለዚህ ከመመዘናችሁ በፊት ማን እንዳሳደገው ጠይቁ፤ እናትየውን ብቻ አይደለም። እያወቃችሁ አትጠይቁት። ዝም ባላችሁ ልጅ ላይ ደግሞ በዚያው ቀን አትፈርሙ።